የክቡር አንቀጽ ዝውውር

በዓለም ላይ ያለ መሥሪያ ቤት ሁሉ መመሪያ የሸመደደ አንድ ሰው አለው። ሕንፃው ሊፍት ላይኖረው ይችላል፤ ውሃው በሳምንት ሦስት ቀን ሊጠፋ ይችላል፤ ማተሚያው ቀለም ሊጨርስ ይችላል፤ ይህ ሰው ግን አይጠፋም። «ይግፉ» የሚል ወረቀት የተለጠፈበትን በር እናንተ ስትጎትቱ ቆሞ የሚታዘባችሁ እሱ ነው። ስብሰባው አልቆ ሰው ሁሉ ቦርሳውን ካንጠለጠለ በኋላ «አንድ የሥነ ሥርዓት ጥያቄ አለኝ» ብሎ እጁን የሚያወጣውም እሱ ነው። እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ ሰው የለም የምትሉ ካላችሁ ልባችሁን አጽኑ፤ ምናልባት እናንተው ትሆናላችሁ።

የእኛው ሰው አንቀጽ ይባላሉ። እናታቸው ያወጡላቸው ስም ሌላ ነው፤ ግን ከሠራተኛ መዝገብ ላይ ካልሆነ በቀር የትም አይገኝም። «ክቡር» የሚለውን የጨመርኩላቸው እኔ ነኝ። ስጨምረው ለፌዝ ነበር።

ክቡር አንቀጽ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ናቸው፤ እኔ ደግሞ የሰው ሀብት። ሁለታችን አንድ ክፍል የምንጋራበት ይህ ነው የሚባል ምክንያት የለም። ቦታ ስለጠበበ ብቻ ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ ፊት ለፊት ተፋጠን፣ አሥራ አንድ ዓመት ተቀመጥን። በሰባት ዓመቱ ከፈረሰው ከኔ ትዳር በአራት ዓመት ይበልጣል።

ገና በመጀመሪያው ሳምንት፣ ሙቀቱ አላስቀምጥ ብሎኝ፣ «ጋሼ፣ መስኮቱን ልክፈተው?» አልኳቸው። መሳቢያቸውን ስበው አንድ ወረቀት አወጡ። «የመስኮት አከፋፈት ስምምነት» ይላል ርእሱ። ጎዶሎ ቁጥር በሆነባቸው ቀናት እኔ እወስናለሁ፤ ሙሉ በሆነባቸው እሳቸው። ጳጉሜን አምስት ስትሆን የመጨረሻዋ ቀን በስምምነት ትታያለች። ሁለት ቅጂ ነበር፤ አንዱ የኔ ነው። ፈረምኩ። ምን ላድርግ?

«በጽሑፍ ይሁን» የአፋቸው ማሟሻ ነው። ሻይ የምታፈላልን ሴትዮ «ዛሬ ስኳር የለም» ካለቻቸው «ከመቼ ጀምሮ?» ይሏታል። ዘበኛው መግቢያ መዝገብ ላይ ሁለት ደቂቃ አርፍደዋል ብሎ ቢጽፍባቸው፣ በማግስቱ ትንሽ ሬዲዮ ይዘው መጥተው፣ የሰዓት ምልክቱ ሲነገር የዘበኛው ሰዓት በአሥራ ሁለት ደቂቃ እንደሚቀድም አስመሰከሩ። ዘበኛው እስከ ዛሬ ሰዓቱን የሚሞላው እሳቸውን ጠይቆ ነው። እንዲህም ሆኖ ባለጌ አይደሉም። ለኃላፊም፣ ለዘበኛም፣ ለጽዳት ሠራተኛም «እርስዎ» ነው የሚሉት። መዝገብ ላይ ለተኛችው የግቢ ድመት «እባክዎ ይውረዱልኝ» ሲሉ በዚህ ጆሮዬ ሰምቻለሁ።

አንድ ጊዜ ለጡረተኛ ባልደረባችን የስንብት ንግግር እንዲያደርጉ ተጋበዙ። መጋበዛቸው ስሕተት ነበር። የሰውየውን ፋይል ከቅጥር ደብዳቤው ጀምረው አነበቡት፤ ሁለቱን የጽሑፍ ማስጠንቀቂያዎች እንኳ አልዘለሉም። አዳራሹ በድንጋጤ ጸጥ ሲል ጡረተኛው ራሱ እንባው እስኪፈስ ሳቀ፤ ያቺንም ወረቀት ለምኖ ወሰዳት። «ሠላሳ አራት ዓመት ምን ስሠራ እንደኖርኩ የነገረኝ ሰው አንቀጽ ብቻ ነው» ብሎ ሲያወራ ሰምቼዋለሁ።

እኔን ግን አላሳቁኝም። አንዲት ደብዳቤዬን ለነጠላ ሰረዝ ብለው ሰባት ጊዜ መልሰውብኛል። በቀይ እስክሪብቶ። ሰማያዊው የራሳቸውን ለመጻፊያ ነው፤ ቀዩ የሰው ለማረሚያ።

ይሁንና ችግር የገባው ሰው ሁሉ መጨረሻው እኛ በር ነበር። ወገቡን የታመመው ሾፌር ከባድ መኪና ላይ ሲመደብ አራት ገጽ ጽፈው አስቀየሩለት። እናቷን ልታስታምም ፈቃድ የተከለከለችው ጸሐፊ በሳቸው አቤቱታ ነው የሄደችው። ሊያመሰግናቸው የሚመጣውን «የሥራ ግዴታዬ ስላልሆነ ምስጋናም የለውም» ብለው ይመልሱታል። እውነትም፣ ጉዳዩ ያለቀለት ሰው ተመልሶ አይመጣም ነበር። ጉሮሮውን ሲጠርግ እንኳ የሚያርመው ከሚመስለው ሰው ጋር ማን ሻይ ይጠጣል? በምሳ ሰዓት ሁሉም በቡድን በቡድን ሆኖ ደረጃውን ሲወርድ አንቀጽን «እንሂድ» የሚላቸው ሰው አልነበረም። እኔም ብዬ አላውቅም።

አዲሱ ኃላፊ የመጡት እንዲህ ሆነን ሳለን ነው። ፈጣን ሰው ናቸው፤ ወረቀት አይወዱም። «በቃል ጨርሱት» ማለት ይወዳሉ። በሁለተኛው ስብሰባቸው፣ ቦታ እንዲለቀቅ ከአሥር ዓመት በላይ የሆነው መዝገብ ሁሉ ይወገድ ብለው አዘዙ። ሰው ሁሉ ቦርሳውን አነሣ። አንቀጽ እጃቸውን አወጡ።

«ክቡር ኃላፊ፣ በጽሑፍ ይሁንልን።»

ኃላፊው ፈገግ አሉ። ትእዛዙ በጽሑፍ አልመጣም፤ መዝገቡም አልተወገደም። በሦስተኛው ሳምንት ግን ጠረጴዛዬ ላይ አንድ ረቂቅ ተቀመጠ። ክቡር አንቀጽ «ለሥራው ቅልጥፍና ሲባል» በአውቶቡስ ሁለት ቀን ወደሚያስኬደው የመጨረሻው ቅርንጫፍ ተዛውረዋል ይላል። ደብዳቤውን የምጽፈው እኔ ነኝ።

ጻፍኩት። ስጽፍ ምን እንዳሰብኩ ልንገራችሁ፤ ያሳፍረኛል፣ ግን ሆኗል። መስኮቱን አሰብኩ። ከእንግዲህ ባሻኝ ቀን እከፍተዋለሁ አልኩ።

ቆመው አነበቡት። አንብበው ሲጨርሱ ቀዩን እስክሪብቶ አነሡ።

«ዕለቱ ተሳስቷል። ረቡዕ ብለውታል፤ ሐሙስ ነው።»

አስተካክዬ እንደገና አተምኩላቸው። ፈረሙ፤ ከፊርማቸው ሥር የተቀበሉበትን ሰዓት ጻፉ፤ «አመሰግናለሁ» ብለው ተቀመጡ።

ቅሬታ ለማቅረብ አሥር የሥራ ቀን አለ። መሥሪያ ቤቱ ሁሉ እንደ ትልቅ ግጥሚያ ጠበቀው። ሻይ ክፍል ውስጥ አንዱ «ስምንት ገጽ ይጽፋሉ» ሲል ሌላው «አሥራ ሁለት፣ ከነአባሪው» ይላል። አንቀጽን ያህል ሰው በራሳቸው ጉዳይ ሲመጡባቸው ምን እንደሚያወጡ ለማየት ያልጓጓ አልነበረም።

በሦስተኛው ቀን አንድ ነጭ ወረቀት አውጥተው «ጉዳዩ፦» ብለው ጻፉና አቆሙ። በስድስተኛውም ቀን ወረቀቱ ላይ ያለው «ጉዳዩ፦» ብቻ ነው። ሾፌሩ ሳይቀር መጣ።

«ጋሼ፣ የኔን ወገብ እንዳዳኑት ለራስዎም አንድ ነገር ይበሉ እንጂ!»

«እያየሁት ነው» አሉት፤ ግን የሚያዩት ወረቀቱን አልነበረም፤ ግድግዳውን ነበር።

በስምንተኛው ቀን እኔው አልቻልኩም።

«ጋሼ፣ ሁለት ቀን ነው የቀረዎት።»

«አውቃለሁ። ከነገ ወዲያ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ያበቃል።»

«ታዲያ ምን ይጠብቃሉ?»

«ምክንያት ያስፈልገዋል።»

«ምክንያት የለዎትም?»

«አለኝ» አሉ። «ግን የራሴ ነው።»

በዘጠነኛው ቀን አልመጡም።

ይህ ምን ማለት እንደሆነ ለማታውቋቸው ልግለጽላችሁ። አንቀጽ አንድ ሰዓት ከሃምሳ ላይ ይገባሉ። በዝናብም፣ አውቶቡስ በጠፋበትም ቀን አንድ ሰዓት ከሃምሳ ነው። ሁለት ሰዓት ሆነ። ሁለት ሰዓት ከአምስት ሆነ። ሁለት ሰዓት ከአሥር ላይ ዘበኛው ከታች ስልክ ደወለ፤ «ጋሼ ሳላያቸው ገብተው ነው እንዴ?» አለኝ። ስልኩን ሳልዘጋው ጽዳት ሠራተኛዋ አንገቷን በበሩ አስግጋ ባዶውን ወንበር አየች። «ውይ» አለች።

አድራሻቸውን ለማግኘት ፋይላቸውን አወጣሁ። የሰው ሀብት ሠራተኛ ሆኜ አሥራ አንድ ዓመት ያልከፈትኩት ፋይል የሳቸውን ብቻ ነው። «የትዳር ሁኔታ» የሚለው ፊት ሰረዝ አለ። «ልጆች» ሰረዝ። «የቅርብ ዘመድ» ሰረዝ። ሰረዞቹ ሁሉ በማስመሪያ የተሰመሩ ናቸው።

ቤታቸው አንድ ትልቅ ግቢ ጓሮ ያለች ክፍል ናት። አከራያቸው፣ በምርኩዝ የሚሄዱ አሮጊት፣ በሩን ከፍተው ከእግር እስከ ራሴ አዩኝ። «ልጄ፣ ሰውዬውን ፈልጋ የመጣች የመጀመሪያዋ ሰው አንቺ ነሽ» አሉኝ፤ መንገዱንም በምርኩዛቸው አሳዩኝ።

አንቀጽ በሩን የከፈቱት በአንድ እጃቸው ነው። በሌላው አፍንጫቸው ላይ ጥጥ ይዘዋል። ሰማያዊ ኮታቸውን አላደረጉም፤ እኔ ደግሞ ያለዚያ ኮት አይቻቸው አላውቅም። የሸሚዛቸው እጅጌ ተሰብስቧል። ክንዳቸው ከአንጓው እስከ ክርኑ በልዟል፤ የበለዘው ደግሞ አንድ ቦታ ብቻ አይደለም፤ አንዳንዱ አዲስ ነው፣ አንዳንዱ ወደ ቢጫ ሄዷል።

«ማን መታዎት?» አልኳቸው። ሞኝ ጥያቄ ነበር፤ ሌላ አልመጣልኝም።

«ማንም። ከበር እጀታ ጋር ብጋጭም እንዲህ እሆናለሁ። ይቅርታ፣ የመቅረቴን ማስታወቂያ ጽፌ ነበር፤» ጠረጴዛው ላይ «ለሰው ሀብት ክፍል» የተባለ ፖስታ አለ፤ «የሚያደርስልኝ ሰው ግን አላገኘሁም።»

ደሙ ጎሕ ከቀደደ ጀምሮ ነው የፈሰሰው። ኮታቸውን አልብሼ፣ ክርክራቸውን ሳልሰማ፣ ታክሲ ይዤ ሆስፒታል ወሰድኳቸው። ታሪኩን የሰማሁት እዚያ፣ ከደም ምርመራው መስኮት ፊት ለፊት፣ እንጨት አግዳሚ ላይ ነው።

ከዘጠኝ ዓመት በፊት የልባቸው ቫልቭ ተቀይሯል። ከዚያ ወዲህ የደም ማቅጠኛ መድኃኒት ይወስዳሉ፤ በየሦስት ሳምንቱም ይመረመራሉ። ደሙ ከወፈረ ይረጋና ይገድላል፤ ከቀጠነ እንዲህ አልቆም ይላል። ልኩ ላይ እንዲቆይ የምታደርገው ያቺ ምርመራ ናት። የተዛወሩበት ቅርንጫፍ አጠገብ ያለው ጤና ጣቢያ ትኩሳት ይለካል፣ ቁስል ያሽጋል፤ ይህን ግን አይመረምርም። የሚመረምረው የሚገኘው ደግሞ የአንድ ቀን መንገድ ተሂዶ ነው።

«ጋሼ! ይኼ ምክንያት አይደለም እንዴ? ከዚህ በላይ ምን ምክንያት አለ?»

«ሲጻፍ ይነበባል» አሉ ጥጡን እያገላበጡ። «ሠላሳ ዓመት የሰው ፋይል ስይዝ ነው የኖርኩት። ያ ሾፌር በኮሪደር ሲያልፍ ወገቡን ነው የማየው፤ እሱን አላየውም። የኔን ደግሞ ሰው ሁሉ እንዲያየው አልፈለግሁም።»

ያኔ ትዝ አለኝ። ከዘጠኝ ዓመት በፊት የዓመት ፈቃድ ወስደው «ዘመድ ጥየቃ» ብለው ሄደው ነበር። ሲመለሱ ከስተዋል። «ምነው ጋሼ፣ ዘመዶችዎ ምግብ ከለከሉዎት?» ብዬ ቢሮውን ሁሉ አስቄያለሁ። እሳቸውም አብረው ሳቁ፤ ደረታቸውን በእጃቸው ደግፈው። ደረታቸውን የደገፉት ስላሳመማቸው መሆኑን ማን አወቀ?

«ያን ጊዜ ማን አስታመመዎት?»

«ነርሶቹ ጎበዞች ነበሩ» አሉኝ።

ሐኪሙ ውጤቱን አይቶ «ሰሞኑን ምግብ ቀንሰዋል?» ሲላቸው ኮታቸውን ቆለፉ። መድኃኒቱን አስተካከለላቸው። እኔም ቦርሳዬን ጭኔ ላይ አድርጌ ወረቀት ዘረጋሁ። «ይንገሩኝ፣ እኔ ልጻፍ» አልኳቸው። ገጽ ተኩል ወጣው። ሕመሙ በታሸገ ፖስታ ለሐኪሞች ቦርድ ብቻ እንዲደርስ፣ ለኮሚቴው ደግሞ «በጤና ምክንያት» ብቻ ተብሎ እንዲቀርብ ተስማማን። በአንድ እጃቸው አፍንጫቸውን ይዘው በሌላው አራት ነጠላ ሰረዝ ጨመሩልኝ። በማግስቱ፣ በአሥረኛው ቀን፣ ገቢ አደረግሁት።

ቅሬታ ሰሚው ኮሚቴ ወደ ሐኪሞች ቦርድ መራው። ከሦስት ሳምንት በኋላ ቦርዱ ፊት ሲቀርቡ የሠራተኛውን ፋይል ይዤ የምቀመጠው እኔ ነበርኩ። ሦስት ሐኪሞች፣ ረጅም ጠረጴዛ፣ የሚንቋቋ ወንበር። ሰብሳቢዋ መነጽራቸውን በሰንሰለት አንገታቸው ላይ ያንጠለጠሉ ሴት ናቸው። ከኃላፊው የተላከ ደብዳቤ ተነበበ፤ ሠራተኛው የተዛወሩበት ቦታ «የጤና ተቋም ያለው» መሆኑን ይገልጻል።

አንቀጽ በዚህ አልተቸገሩም። የጤና ጣቢያውን ደረጃ፣ ያለውን መሣሪያ፣ የሌለውን መሣሪያ፣ የመንገዱን ርቀት፣ ክረምት ሲሆን መንገዱ የሚዘጋበትን ቀን ብዛት ሁሉ በተራ ቁጥር አስቀመጡላቸው። የምናውቃቸው አንቀጽ ነበሩ። እኔም ውስጤ ደስ አለኝ፣ ልክ ልጄ ፈተና እንዳለፈች ሁሉ።

ሰብሳቢዋ ግን ፋይሉን ዘጉት።

«ከማን ጋር ነው የሚኖሩት?»

ይህ በየትኛውም መመሪያ ውስጥ የለም።

«ብቻዬን።»

«ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ይህን መድኃኒት እየወሰዱ ብቻዎን? አንድ ቀን ደም ቢፈስዎት፣ ቢወድቁ፣ ማን ያገኝዎታል?»

«ቢሮ አለ።»

«ቢሮ ማለት?»

«አንድ ሰዓት ከሃምሳ ላይ እገባለሁ» አሉ፤ ድምፃቸው ዝቅ አለ። «አንድ ቀንም አላረፍድም። እስከ ሁለት ሰዓት ከአሥር ካልታየሁ ዘበኛው ያውቃል። ጽዳት ሠራተኛዋ ታውቃለች። እሳቸውም፤» ወደኔ በአገጫቸው አመለከቱ፤ «እሳቸውም ያውቃሉ። ስለዚህ ሌሊት ቤቴ ብወድቅ ጠዋት ሁለት ሰዓት ከአሥር ላይ የት ሄደ የሚል ሰው አለ። እዚያ ግን የሚያውቀኝ የለም። አለመኖሬ እስኪታወቅ ስንት ቀን ይፈጃል? ለመታወቅ ደግሞ ጊዜ ይፈልጋል። ዕድሜዬ አምሳ አራት ነው። አዲስ ቦታ እንደገና ለመታወቅ ... ይረዝምብኛል።»

ሰብሳቢዋ እስክሪብቶ አነሡ።

«ይህን ልጻፈው?»

«አይጻፍ» አሉ አንቀጽ።

እኔ ፋይሉን ጭኔ ላይ አጥብቄ ይዤ መሬት መሬት አየሁ። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ያቺን አንድ ሰዓት ከሃምሳ ኩራት ነው እላት ነበር። ሰው ለማሳጣት ነው እል ነበር። ሰውየው ለካ በየማለዳው «አለሁ» እያሉን ነው።

ውሳኔው በአሥራ ሁለተኛው ቀን ወጣ። ዝውውሩ ተሰርዟል። ሾፌሩ ኮሪደር ላይ እልል ሊል ትንሽ ቀረው። ደብዳቤው ግን ሁለተኛ አንቀጽ ነበረው። ሠራተኛው ደረጃ መውጣትና መውረድ ስለማይገባቸው የሥራ ቦታቸው ምድር ቤት እንዲሆን ቦርዱ ያሳስባል። ኃላፊው ይህን በደስታ ፈጸሙት፤ በዚያው ቀን፣ ያውም በጽሑፍ። ክቡር አንቀጽ እንዳይወገድ ከተከራከሩለት አሮጌ መዝገብ ጋር ምድር ቤት እንዲቀመጡ ተወሰነ።

ዕቃቸውን ዘበኛው፣ ሾፌሩና ጽዳት ሠራተኛዋ ተሸክመው አወረዱላቸው። እሳቸው ደረጃው አፋፍ ላይ ቆመው የእያንዳንዱን ካርቶን ዝርዝር በሦስት ቅጂ አስፈረሟቸው። ስሰናበታቸው እጃቸውን ዘረጉልኝ። «አብሮ መሥራት መልካም ነበር» አሉኝ፤ ወደ ሌላ አገር የሚሄዱ ነበር የሚመስለው፣ ሦስት ፎቅ ቁልቁል።

በቦታቸው የፎቶ ኮፒ ማሽን ተተከለ። ሲሞቅ ያጉረመርማል፣ ሲበርድ ይተነፍሳል። መስኮቱን በጎዶሎ ቀንም ከፈትኩት፣ በሙሉ ቀንም ከፈትኩት። የተቃወመኝ የለም። ደብዳቤዎቼ በመጀመሪያው ረቂቅ ያልፋሉ፤ አንዱ ላይ የኃላፊውን ማዕረግ አሳስቼ ጽፌው ነበር፣ እሳቸው ራሳቸው ሳያዩት ፈረሙበት። ቤት ስገባም ያው ነው፤ ልጄ አግብታ ሌላ ከተማ ከሄደች ወዲህ በእሑድ እሑድ ብቻ ትደውላለች፤ «እማ፣ ደህና ነሽ? በይ እንግዲህ» ብላ ትዘጋለች። ደህና መሆኔን አውቃ ነው። እንዴት አወቀች?

አንድ ቀን ምሳ ሰዓት ላይ የምሳ ዕቃዬን ይዤ ደረጃውን ወረድኩ። ለምን እንደምሄድ የሚጠይቀኝ ስለማይጠፋ፣ የአንድ የቀድሞ ሠራተኛ ፋይል እፈልጋለሁ ብዬ ነበር።

«የመዋሻ ቅጽ ይሙሉ» አሉኝ ከመደርደሪያዎቹ መሀል ብቅ ብለው። ውሸቴን ያወቁብኝ መስሎኝ ደነገጥኩ፤ ሲደግሙልኝ ግን ያሉት «የመዋስ ቅጽ!» ነው። ጆሮዬ ነው የከዳኝ። ሞላሁ። በማግስቱም ሌላ ፋይል ፈለግሁ። በሦስተኛው ቀን የሞተም ጡረታ የወጣም ሠራተኛ ስም አልመጣልኝ አለ።

«ዛሬ የማንን ፋይል ነው?»

«የማንንም አይደለም።»

ለረጅም ጊዜ አዩኝ። ከዚያ የምሳ ዕቃዬን አዩ።

«መዝገብ ቤት ውስጥ መብላት ክልክል ነው» አሉ። ወንበራቸውን አንሥተው የበሩ ደፍ ላይ አስቀመጡት፤ ግማሹ ውስጥ፣ ግማሹ ኮሪደር። «ከደፉ ወዲያ ግን ኮሪደር ነው። ስለ ኮሪደር መመሪያው የሚለው ነገር የለም።»

እሳቸው ወንበሩ ላይ፣ እኔ አንድ የተገለበጠ ካርቶን ላይ ሆነን በላን። ካርቶኑ ቀስ እያለ ሰመጠ። ስለ ሥራ አወራን። በማግስቱ ስለ ልጄ አወራን። አንድ ማክሰኞ ደግሞ ለደም ምርመራቸው አብሬያቸው ሄድኩ፤ ተራ እስኪደርስ አግዳሚው ላይ ቁጭ ብለን የጋዜጣ ስሕተት ለቀምን፤ አሥራ አራት አገኘን፣ ዘጠኙ የሳቸው ነው።

ያለፈው ሰኞ የንብረት ክፍሉ ሰው አንዲት ቅጽ እያወዛወዘ ክፍሌ ገባ።

«እስቲ ይቺን ተመልከቺልኝ። የመዝገብ ቤቱ ወዳጅሽ ናቸው የላኩት። ሰውዬው አርጅተዋል መሰለኝ፤ ቅጽ አጉድለው ልከው አያውቁም ነበር።»

ወሰድኩት። በሰማያዊ እስክሪብቶ፣ በዚያ በማይሳሳት እጅ የተጻፈ ነው። የዕቃው ዓይነት፦ ወንበር። ብዛት፦ አንድ። የተፈለገበት ምክንያት፦ ሰው ይመጣል።

«ማን ነው የሚመጣው?» አለ የንብረቱ ሰው። «ስም የለ፣ የሥራ መደብ የለ፣ ቀን የለ። ስብሰባ አለባቸው እንዴ?»

ወረቀቱን መለስ አድርጌ አነበብኩት። ከዚያም እንደገና አነበብኩት። ለሰው ሁሉ አራት ገጽ የሚጽፉ ሰው ለራሳቸው ሁለት ቃል ነው የጻፉት።

«ስጣቸው» አልኩት። «እኔ አውቃለሁ።»

ወንበሩ በማግስቱ ወረደ። እኔም ተከትዬው ወረድኩ።